ትረስ የሚሠራ ሰው የት ገባ?

ጣሪያው_ቀረኝ፦

እንደምን ከረማችሁ። አነስተኛ ተቋራጭ ነኝ። የምሠራው አዲስ አበባና ዙሪያዋ ነው። አሁን ሱሉልታ አንድ ቤት ይዣለሁ። ግድግዳው ቆሟል፣ የላይኛው ቢም አርማታው ተሞልቷል፣ የቀረኝ ጣሪያ ብቻ ነው። በዚህ «ብቻ» ላይ ሁለት ወር ሊሞላኝ ነው።

ትረሱን፣ ማለትም ጣሪያውን የሚሸከመውን ባለ ሦስት ማዕዘን ማዕቀፍ፣ መጀመሪያ ያሰብኩት በአር ኤች ኤስ (ውስጡ ባዶ በሆነ አራት ማዕዘን ብረት) ነበር። ሱቁ ፕሮፎርማ ሰጠኝ። ከታች በትንሹ «ዋጋው የሚጸናው ለሦስት ቀን ነው» ይላል። ለቤቱ ባለቤት አሳየሁት፣ እሱ ከወንድሙ ጋር ተማከረ፣ ብሩ ተላከ፣ ተመልሼ ስሄድ አምስተኛው ቀን ሆኗል። ዋጋው ሌላ። ልጁ ስልኩን እየነካካ «ከፈለግህ አሁን ጫን፣ የነገውን አላውቅም» ይለኛል።

ተናድጄ ወደ ባህር ዛፍ ልመለስ አልኩ። አጠና ተራ ወረድኩ፣ እንጨቱ ሞልቷል። የሚሠራው ሰው ግን ጠፋ። ሦስት አናጺ አናገርኩ። አንዱ «እኔ የአርማታ ፎርም ነው የምሠራው፣ ጣሪያ አልነካም» አለ። አንዱ ቀጠሮ ሰጥቶኝ ስልኩን ዘጋ። ሦስተኛው መጣ፣ አንጋጦ አየ። ስፋቱ 8 ሜትር ከ40 ነው ስለው ራሱን አከከና «መሀል ላይ ግድግዳ የለውም እንዴ?» አለኝ። የለውም። ሳሎን ነው።

እስቲ በሙያው ያላችሁ ንገሩኝ። ገበያው ወደ ብረት ጠቅልሎ ሄዷል? ወይስ እንጨቱ ገና ነው? ባለሙያውስ የት ገባ?

ፑንታ_ብቻ፦

በያጁን ከፈለግከው ኮሪደር ልማት ላይ ነው ወንድሜ። ሌሊት ና፣ ብልጭታውን አይተህ ታገኘዋለህ።

ኢንጂነሯ፦

ፑንታ አትቀልድ፣ ሰውዬው ተጨንቋል።

ወንድሜ፣ የብረቱን ገበያ ከሐምሌ 22 ቀን 2016 በፊትና በኋላ ብለህ ክፈለው። ያን ቀን ነው የውጭ ምንዛሪው ለገበያ የተለቀቀው። ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነስቶ በዚያው ቀን 74 ብር አካባቢ ደረሰ፣ ብዙም ሳይቆይ 100ን አለፈ። አር ኤች ኤስ ደግሞ «የአገር ውስጥ ምርት» ይባል እንጂ ጥቅል ላሜራው ከውጭ ነው የሚገባው። እዚህ ያለው ፋብሪካ ሰንጥቆ፣ አጥፎ፣ በይዶ ነው የሚሸጥልህ። ስለዚህ ዋጋው በብር ይጻፍ እንጂ የዶላር ዋጋ ነው። ነጋዴውም ዛሬ ከሸጠ በኋላ በዚያው ብር መልሶ ዕቃ መግዛት አለበት። ሦስት ቀን ማለቱ ለእሱ ድፍረት ነው።

ሰው የማያወራው ሌላ ነገር አለ። ዋጋው ሲወጣ ብረቱ ቀጠነ። ባለፈው አንድ ሳይት ላይ «ባለ 1.5» ተብሎ የመጣውን በካሊፐር ለካሁት፣ 1.2 ሚሊሜትር። ከየት እንደተገዛ አልናገርም። ነገሩ ግን እንዲህ ነው፦ እኔ ወረቀት ላይ በ2 ሚሊሜትር አስቤ የሠራሁትን ትረስ፣ ገበያው በ1.2 ያቆመዋል። ክፍተቱን የሚያየው ሰው የለም። ቆርቆሮ ከለበሰ በኋላ ደግሞ ኮርኒስ ይሸፍነዋል።

ካሊፐር ኪስህ ውስጥ ይኑር። ከአንድ ቆራጭ ዲስክ ብዙም አይበልጥም ዋጋው። እሺ ይበልጣል። ግን ግዛ።

ፑንታ_ብቻ፦

ይቺን እኔም ልመስክር። 1.2 ብረት ላይ ያልለመደ ልጅ ባለ 3.2 ኤሌክትሮድ ይዞ ሲመጣ ጉድ ነው። ሁለት ሰከንድ ከቆየበት ብረቱ ይበሳል። ከዚያ ቀዳዳውን ለመድፈን ይጨምራል፣ ይጨምራል፣ የዶሮ ኩስ የመሰለ ነገር ይከምርበታል። ከላይ ሲታይ ወፍራም ስፌት ይመስላል፣ ከሥሩ ግን ምንም የያዘው የለም። ቀጭን ብረት በ2.5 ነው፣ አምፔሩን ዝቅ አድርጎ፣ ፑንታ ፑንታ (ነጥብ ነጥብ) እያሉ፣ እያቀዘቀዙ። ይሄ ደግሞ ጊዜ ይፈልጋል። በካሬ ተዋውሎ የገባ በያጅ ጊዜ የለውም።

ቀለሙስ? አንቲረስት (የዝገት መከላከያው) ሳይቀባ ነው የሚሰቀለው። መጋጠሚያው ከላይ በቀለም ብልጭ ተደርጎ ይታለፋል።

የአናጺ_ልጅ፦

ስለ እንጨቱ እኔ ልናገር። አባቴ ደብረ ማርቆስ አናጺ ነው፣ ዕድሜ ልኩን ጣሪያ ላይ ነው የኖረው። ትረስ አይልም። «ካፕሪያታ» ነው የሚለው። (ከጣሊያን የቀረ ቃል ነው። አርማታ፣ ፌሮ፣ ሶሌታ፣ ሞራሌም ከዚያው ናቸው። የግንባታ አማርኛችን ግማሹ ጣሊያንኛ ነው ብል ብዙም አላጋነንኩ።)

እንዴት እንደሚሠራ ልንገራችሁ፣ ምክንያቱም ሰው የጠፋው እዚህ ጋ ነው። መጀመሪያ ሜዳ ያስጠርጋል። ድንጋዩ ተለቅሞ፣ መሬቱ ተስተካክሎ። ከዚያ ሲባጎ ወጥሮ የታችኛውን አግዳሚ መስመር ይይዛል። መሀሉ ላይ በሦስት፣ በአራት፣ በአምስት ልኬት ቀጥ ያለ ማዕዘን ያወጣል። ካስማ ይተክላል። ካፕሪያታውን በሙሉ ልኩ መሬት ላይ ይሥለዋል ማለት ነው፦ ወራጆቹን፣ መሀል ቋሚውን፣ ሰያፎቹን። የመጀመሪያውን እዚያ ሥዕል ላይ አጋድሞ ይሠራዋል። ያ የመጀመሪያው «እናት» ይባላል። ሌሎቹ በሙሉ እናቷ ላይ ተጋድመው ነው የሚለኩት።

አሁን ያለው ልጅ የሚሳሳተው እዚህ ነው። ሁለተኛውን በመጀመሪያው ይለካል፣ ሦስተኛውን በሁለተኛው፣ አራተኛውን በሦስተኛው። መጋዙ በእያንዳንዱ ላይ ሦስት ሚሊሜትር ቢያስረዝም፣ አሥራ አንደኛው ላይ ስትደርስ ሦስት ሴንቲሜትር ረዝሞ ታገኘዋለህ። ተሰቅሎ ካለቀ በኋላ ቆርቆሮው ለምን እንደሚያነክስ ማንም አይገባውም። አባቴ እናቷን እስከ መጨረሻ አያነሳትም። መጨረሻ የምትሰቀለው እሷ ናት።

ባህር ዛፉን በተመለከተ፦ እርጥቡን ከገዛህ ቀልዶብሃል። ይላጥ፣ ጥላ ውስጥ ከፍ ተደርጎ ይከመር፣ ይድረቅ። እርጥብ የተመታ እንጨት ሲደርቅ ይጠማዘዛል፣ ሚስማሩ ይላላል፣ ጫፉ ይሰነጠቃል። አባቴ ጫፍ ላይ ሲመታ የሚስማሩን ሹል በመዶሻ ነካ አድርጎ ያደንዘዋል። እንዳይሰነጥቅ ነው። ይቺን የትም አልተማራትም።

ጣሪያው_ቀረኝ፦

የአናጺ ልጅ፣ እግዜር ይስጥህ። አባትህ አሁንም ይሠራሉ?

የአናጺ_ልጅ፦

አቁሟል ማለት ይሻላል። ጉልበቱ እሺ አይለውም። ግን ያቆመው በጉልበቱ ብቻ አይደለም። ድሮ በቀን ነበር የሚከፈለው፣ ሁለት ልጅ ከጎኑ አስከትሎ ይገባል። አንዱ ሲባጎ ይይዛል፣ አንዱ ይላጣል፣ በሁለት ዓመት ሁለቱም አናጺ ይሆናሉ። እኔም ከነሱ አንዱ ነበርኩ፣ ሸሽቼ አካውንቲንግ ተማርኩ እንጂ። አሁን ሁሉም በቁርጥ ሆነ። በቁርጥ የገባ ሰው ልጅ አያስተምርም። ልጅ ማስተማር ሰዓት ይበላል፣ የተሳሳተው እንጨት ከራሱ ይቆረጣል።

ባለሙያው የት ገባ ላልከው፣ መልሱ አልተተካም ነው።

ቨርጂኒያ_ነኝ፦

ይህን ሳነብ እንቅልፌን ተውኩት። እኔ ስድስት ዓመት ሆነኝ፣ ከዋሽንግተን ሁለት ሰዓት ያህል ርቆ ያለ የትረስ ፋብሪካ ውስጥ ነው የምሠራው። የእንጨት ትረስ። አዎ፣ አሜሪካ ውስጥ የአብዛኛው አዲስ መኖሪያ ቤት ጣሪያ በፋብሪካ ተሠርቶ በመኪና ተጭኖ ነው የሚመጣው። አናጺው ሳይት ላይ አይለካም። በክሬን እየተቀበለ ያቆመዋል፣ አበቃ።

ፑንታ_ብቻ፦

በምንድን ነው የሚያያይዙት? በሚስማር?

ቨርጂኒያ_ነኝ፦

በጥርሳም ላሜራ። እጅ የሚያህል ዚንክ የተነከረ ብረት ነው፣ አንድ ፊቱ በሙሉ ጥርስ። እንጨቶቹ ጠረጴዛ ላይ በመያዣ ተደርድረው፣ ከላይና ከታች ላሜራው ይቀመጥና ከባድ ሮለር ያልፍበታል። ጥርሱ እንጨቱ ውስጥ ይሰምጣል። ነገሩ የተጀመረው ፍሎሪዳ ነው፣ በ1952 በፈረንጆቹ። ያኔ ላሜራው ላይ ሚስማርም ይመታ ነበር። በ1955 ካልቪን ጁሪት የሚባል ሰው ሚስማር የማይፈልገውን አወጣ። ትረስ ከሳይት ወደ ፋብሪካ የገባው ከዚያ በኋላ ነው።

የሦስት ቀኑን ፕሮፎርማ ሳነብ ግን ሳቅኩ። ሱሉልታ ብቻ እንዳይመስልህ። በፈረንጆቹ 2021 ግንቦት የእንጨት ዋጋ ቺካጎ የውል ገበያ ላይ ለሺህ ቦርድ ፉት (የእንጨት መለኪያ ነው) ከ1,600 ዶላር በላይ ወጣ። ከኮቪድ በፊት ከ400 ብዙም አይርቅም ነበር። ያኔ የእኛ ቢሮ ለቤት ሠሪው የሚሰጠው ዋጋ የሚጸናው ለቀናት ብቻ ነበር። የሽያጭ ክፍሉ ሴትዮ ስልክ ማንሳት ፈራች። ክረምቱ ሳይወጣ ደግሞ ከ500 በታች ወረደ። በውድ የገዛ አለቀሰ። በ2025 ደግሞ የካናዳ እንጨት ላይ ቀረጡ ተደማምሮ 45 በመቶ ገደማ ደረሰ። እንጨት ሞልቶ በተረፈበት አገር እንዲህ ነው።

ሠራተኛውስ? እጥረት ነው እዚህም። ሽማግሌዎቹ ሲያወሩ የሁሉ ነገር መነሻ በፈረንጆቹ 2008 የነበረው የቤት ገበያ ውድቀት ነው ይላሉ። በ2005 አሜሪካ ውስጥ ግንባታቸው የተጀመረ ቤቶች ከ2 ሚሊዮን በላይ ነበሩ፣ በ2009 ወደ 554 ሺህ ወረዱ። ፋብሪካ ተዘጋ፣ ሰው ተበተነ። ሥራው ሲመለስ ሰዉ አልተመለሰም፣ መኪና መንዳት ጀምሯል፣ መጋዘን ገብቷል። አሁን ከእኔ ጋር መስመር ላይ ያሉት አብዛኞቹ ስፓኒሽ ተናጋሪ ናቸው። እኔ ስፓኒሽ የለመድኩት ከእንግሊዝኛ በፊት ነው።

ጅዳ_ያለሁት፦

ሮቦት ገብቷል ይባላል እውነት ነው?

ቨርጂኒያ_ነኝ፦

መጋዙ ልኩን ከኮምፒዩተር ራሱ አንብቦ ይቆርጣል። የቦታ ምልክቱን ደግሞ ሌዘር ጠረጴዛው ላይ ይሥልልሃል፣ ልክ የአናጺው ልጅ አባት በሲባጎ መሬት ላይ እንደሚሥሉት። እንጨቱንም ላሜራውንም ሮቦት የሚያስቀምጥባቸው ፋብሪካዎች አሉ። እኛ ጋ ገና አልመጣም።

አንድ ነገር ግን ልናገር፣ የሆዴን። ስድስት ዓመት ትረስ ሠርቻለሁ። በቀን ምን ያህል እንደሚያልፍ ብነግራችሁ አታምኑኝም። ነገር ግን ዛሬ ሱሉልታ ውሰዱኝና «8 ሜትር ከ40 ነው፣ አንድ ትረስ ከባዶ አውጣ» ብትሉኝ አልችልም። ዕውቀቱ እኔ ጋ አይደለም። ኮምፒዩተሩ ጋ ነው። ለዚያም ነው አዲስ ሰው በሁለት ሳምንት የሚተካኝ። አለቃዬ ጥሩ ሰው ነው፣ እሱም ያውቃታል ይቺን።

ኢንጂነሯ፦

ቨርጂኒያ፣ ይህ የጻፍከው ከሁሉም በለጠብኝ። እነሱ ጋ ሰው ሲጠፋ ዕውቀቱ ማሽኑ ውስጥ ይቀራል። እኛ ጋ ሰውየው ሲቀመጥ ዕውቀቱም አብሮት ይቀመጣል። ኮድማ ወጥቶልናል። ኢቢሲኤስ 5 የሚባለው የኢትዮጵያ የግንባታ ኮድ የእንጨት መዋቅርን ነው የሚመለከተው፣ በ1995 በፈረንጆቹ የወጣ። እውነቱን ለመናገር በሥራ ላይ ሲገለጥ ያየሁት በጣት የሚቆጠር ጊዜ ነው። አናጺው አባት ግን ገጹን ሳያዩ አብዛኛውን ያደርጉታል።

ቤዛ_ቴክኒክ፦

እኔ ደግሞ ልጨምር፣ የተናደድኩበት ስለሆነ ይቅርታ።

ብረታ ብረት ነው የተማርኩት፣ ቴክኒክና ሙያ። ሲኦሲ (የብቃት ምዘና ፈተናውን) አልፌያለሁ። በትምህርት ቤት የበየድኩት ነገር ቢኖር የእጅ መዳፍ የሚያክል ቁራጭ ላሜራ ነው። ኤሌክትሮድ በቁጥር ነበር የሚታደለን፣ ሲያልቅ የጓደኛሽን ሥራ ቆመሽ ታያለሽ። ሦስት ማዕዘን የሆነ ነገር በይጄ አላውቅም ነበር። ተመርቄ ወጣሁ። አንድ ተቋራጭ ጋ ሄድኩ። «ልምድ?» አለ። የለኝም። «እንግዲያው ጽዳትና ሻይ ላይ ጀምሪ» አለኝ። ጀመርኩ! ለሁለት ወር ሻይ አፈላሁ። ማታ ማታ በያጆቹ ሲሄዱ ጥበቃውን ለምኜ በቁርጥራጭ እለማመድ ነበር። ሲያዩኝ ኤሌክትሮድ አባከነች ተብዬ ወጣሁ።

ስለዚህ «ባለሙያ ጠፋ» ሲባል ደሜ ይፈላል። እኛ አለን። የሚያስገባን ነው የጠፋው።

ፑንታ_ብቻ፦

እህቴ ይሄ እውነት ነው። እኔም ረዳት ሆኜ ብረት የተሸከምኩት ዓመት ከምናምን ነው። ያስተማረኝ ሰውዬ ማስኩን የሚሰጠኝ እሱ ምሳ ሲበላ ብቻ ነበር። ቶሎ እንዲበላ ሳይሆን ቀስ ብሎ እንዲበላ እጸልይ ነበር።

ጅዳ_ያለሁት፦

የቀሩት እኛ ጋ ናቸው። እዚህ የመኖሪያ ቤት ጣሪያ ጠፍጣፋ አርማታ ስለሆነ ትረስ የሚባል ነገር መጋዘን ላይ ካልሆነ አታይም። ግን በያጅ ሁሌ ይፈለጋል። አገር ቤት ጥሩ ትረስ ይሠሩ የነበሩ ልጆች እዚህ የብረት በር ይበይዳሉ። ወረቀት ያለው ይኖራል፣ ወረቀት የሌለው ተደብቆ ነው።

ጣሪያው_ቀረኝ፦

አንብቤ ስጨርስ ራሴን ታዘብኩ። እኔም ቤዛን «ልምድ?» ብሎ ከሚመልሳት ወገን ነኝ። በካሬ ተዋውዬ፣ በካሬ አዋውዬ ነው የኖርኩት።

የአናጺ ልጅ፣ አባትህ ባይሠሩም ቁጭ ብለው ሊያሠሩልኝ ይችሉ ይሆን? መጓጓዣውንም ማረፊያውንም እኔ። ክፍያው በቀን ነው እንጂ በቁርጥ አይደለም። ቤዛ፣ እንጨት ቢሆንም ፈቃደኛ ከሆንሽ ነይ። ሌላ አንድ ልጅም አለኝ፣ ግንበኛ ጋ ረዳት የነበረ።

ኢንጂነሯ፣ ቤቱ 12 ሜትር ርዝመት አለው፣ ትረሶቹን ምን ያህል ላራርቃቸው?

ኢንጂነሯ፦

ሥዕሉንና የምትጠቀመውን ቆርቆሮ ላክልኝ፣ በእሱ ነው የምወስነው። በግምት አትሥራ። ቤቱ 12 ሜትር ርዝመት አለው ካልክ፣ 1 ሜትር ከ20 ላይ ብናስቀምጠው 11 ትረስ ይሆናል። ግን መጀመሪያ ላስላው። እንጨቱ ደግሞ የደረቀ መሆኑን እኔው መጥቼ አያለሁ።

የአናጺ_ልጅ፦

ጠየቅኩት። መጀመሪያ «ሱሉልታ ብርድ ነው» አለ። ቀጥሎ «እንጨቱ ተልጧል?» አለ። ሁለተኛውን ከጠየቀ ይመጣል ማለት ነው።

ቤዛ_ቴክኒክ፦

እመጣለሁ። ምን ይዤ ልምጣ?

የአናጺ_ልጅ፦

ሲባጎ፣ ቱምቢ፣ እርሳስ። እርሳሱ በደንብ የተቀረጸ ይሁን፣ ደነዝ እርሳስ ካየ ይቆጣል።

ጣሪያው_ቀረኝ፦

ከሦስት ሳምንት በኋላ የመጣሁት ለማሳወቅ ነው። 11ዱም ተሰቅለዋል። ሽማግሌው ሦስት ቀን ሙሉ ሜዳ ብቻ አስጠረጉን፣ ትዕግሥቴ ሊያልቅ ነበር። ፕላስቲክ ወንበር ላይ ጋቢ ለብሰው ተቀምጠው በከዘራ ነው ሁሉን ያሠሩት። ቤዛ አራተኛውን ስትለካ እናቷን ትታ ሦስተኛው ላይ ልታስቀምጥ ስትል ከዘራው ከየት መጣ ሳይባል መሀል ላይ አረፈ። ሁለተኛ አልተሳሳተችም። የመጨረሻዎቹን ሦስቱን እሳቸው ሻይ ሲጠጡ ከረዳቱ ልጅ ጋር ብቻ ሆና አወጣቻቸው።

ሲባጎ ከጫፍ ጫፍ ወጥረን አየነው። ኢንጂነሯም ነበረች። አንዱም አልወጣም፣ አልገባም።

ባለቤቱ ዘገየህ ብሎ ተቆጥቷል። ልክ ነው፣ ዘግይቻለሁ። ከቁርጡም ትንሽ በልጦብኛል፣ አልዋሽም። ቆርቆሮው ግን ሲለብስ አንድ ቦታ ላይ እንኳ አልተቆረጠም።

ፑንታ_ብቻ፦

የሰውዬውን ስልክ በውስጥ ላክልኝ ወንድሜ።

ጣሪያው_ቀረኝ፦

እሳቸው ደብረ ማርቆስ ገብተዋል። የቤዛን ነው መጠየቅ ያለብህ። እሷም እስከ ሰኔ የለችም፣ ሁለተኛው ቤቴ ላይ ናት።